ምላጭ የያዘችው እናት፣ መኪና የገዙት አሮጊት

(በአንድ የፊልም ወዳጆች ምሽት ላይ የቀረበ ንግግር። ለንባብ እንዲመች ጥቂት ተስተካክሏል።)

እንደምን አመሻችሁ። ወንበር ያጣችሁ ወደ ፊት ኑ፣ እዚህ የመጀመሪያው ረድፍ ባዶ ነው። የፊልም ወዳጅ ሲባል ለምን ከኋላ መቀመጥ እንደሚወድ አላውቅም።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንዲት ፈረንሳዊት ተዋናይት ነው። ስሟ ሲልቪ። በቃ፣ ሲልቪ ብቻ፤ የአባት ስም አልተጠቀመችም። ስሟን ስልካችሁ ላይ ብትፈልጉ መጀመሪያ የምትመጣላችሁ ምናልባት ዘፋኟ ሲልቪ ቫርታን ናት። በ1960ዎቹ የፈረንሳይን ወጣት ያሳበደችው ጸጉረ ወርቋ ልጅ። የኔዋ ሲልቪ ያኔ ሰማንያ ዓመት ሞልቷታል። በ1965 አንድ ፈረንሳዊ «ሲልቪ አዲስ ፊልም ሠራች» ሲባል ቢሰማ መጀመሪያ ወደ አእምሮው የምትመጣው የትኛዋ እንደሆነች መገመት አያቅትም።

ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጠራው፣ አትደናገሩብኝ።

ስለ እሷ ከሚጻፉት አጫጭር ጽሑፎች ብዙዎቹ አንድ ዓይነት ናቸው። «ዕድሜ ልኳን በትናንሽ ሚናዎች ስትለፋ ኖራ፣ በመጨረሻ በሰማንያ አንድ ዓመቷ መሪ ሚና አገኘች» ይላሉ። ደስ የሚል ታሪክ ነው፤ እንባም ያመጣል። እኔ ግን አይዋጥልኝም። ሲልቪ ወረፋ ይዛ ስትጠብቅ የኖረች ሰው አልነበረችም። ሥራ ላይ ነበረች። ያ በሰማንያ አንድ ዓመቷ የሠራችው ሚናም ከሰማይ የወረደ ሽልማት አይደለም። ከዚያ በፊት ከሠራቻቸው እናቶች፣ አያቶችና መነኮሳት ላይ ተቆርጦ የተሰፋ ልብስ ነው። ዛሬ ማታ እሱን ላሳያችሁ ነው የመጣሁት።

እንግዲህ ከመጀመሪያው እንነሳ፣ እዚያ ግን ብዙ አንቆይም። የልደት ስሟ ሉዊዝ ፖሊን ማንጌኔ ነው። ፓሪስ ውስጥ በጥር 3 ቀን 1883 ተወለደች። ሲኒማ ራሱ ገና አልተፈጠረም፤ የሉሚየር ወንድማማቾች ፓሪስ ላይ ለከፋይ ተመልካች ፊልም ያሳዩት በ1895 ነው። ማለትም ሲልቪ ከሙያዋ በአሥራ ሁለት ዓመት ትበልጣለች። በኮንሰርቫቷር፣ ማለትም በትወና ትምህርት ቤት፣ ተማረች፤ ከዚያ መድረክ ላይ ወጣች። ስሟ ከአንድሬ አንቷን ጋር አብሮ ይነሳል፣ ይህ ሰው ደግሞ ለታሪካችን ያስፈልገናል።

አንቷን ማነው? የፈረንሳይን ቴአትር ከጩኸት ያላቀቀ ሰው ነው። ከእሱ በፊት ተዋናይ ማለት መድረኩ ጫፍ ላይ ቆሞ፣ ደረቱን ነፍቶ፣ ግጥም የሚያንበለብል ነበር። አንቷን በ1887 «ነፃ ቴአትር» የሚባለውን ሲያቋቁም ተዋንያኑን በሰው ቤት እንዳሉ ሆነው እንዲንቀሳቀሱ አደረጋቸው። ጀርባቸውን ለተመልካች ሰጥተው እስከመናገር ደረሱ። ያኔ ይህ ድፍረት ነበር። ሲልቪን ፊልም ላይ ስታዩዋት ይህን አስታውሱ፤ ከአንቷን ትምህርት ቤት የወጣ ተዋናይ ምንም ሳያደርግ መቆም ይችላል።

በ1913 አልቤር ካፔላኒ የሚባል ዳይሬክተር የደራሲውን የኤሚል ዞላን ልብ ወለድ «ዠርሚናል» ወደ ፊልም አመጣው። ካፔላኒም ከአንቷን ዙሪያ የመጣ ሰው ነው። ድምፅ አልባ ፊልም ነው፣ ከሁለት ሰዓት በላይ ይወስዳል፣ ለዘመኑ ትልቅ ሥራ ነው። ስለ ሰሜን ፈረንሳይ የከሰል ማዕድን ሠራተኞች ነው የሚያወራው። ሲልቪ ካትሪን ማኢዩን ሆና ትሠራለች፤ የወንድ ልብስ ለብሳ ጉድጓድ የምትወርድ፣ ጋሪ የምትገፋ፣ በመጨረሻም ውኃ በሞላው ዋሻ ውስጥ የምትሞት ልጅ። ሲልቪ ሠላሳ ዓመቷ ነበር። ይህን ቀን ያዙልኝ። አርባ ዓመት ቆይታ እንደገና ወደ ዞላ ትመለሳለችና።

ከዚህ በኋላ ያለውን ረጅም ዘመን እዘለዋለሁ። ብዙውን መድረክ ላይ ነው ያሳለፈችው፣ ቴአትር ደግሞ መጋረጃው ሲወርድ አብሮ ይጠፋል። ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ ሲልቪ ወደ ሃምሳ ተጠግታለች። እንግዲህ ሃምሳ ዓመት የሞላት ሴት በሲኒማ ምን ትሆናለች? የሰው እናት። የሰው ሚስት። የሟች ሚስት። ይህ የፈረንሳይ ብቻ አይደለም፤ የትም ነው።

በ1935 ፒየር ሼናል የዶስቶየቭስኪን «ወንጀልና ቅጣት» ሲሠራ ካትሪን ኢቫኖቭናን ሰጣት፣ የሰካራሙን የማርሜላዶቭን ሚስት። ልብ ወለዱን ያነበባችሁ ታስታውሷታላችሁ፣ ልቧ በኩራትና በድህነት መካከል የተቀደደባትን ሴት። በ1937 በዡልየን ዱቪቪዬ «የዳንስ ማስታወሻ» ውስጥ መጣች። አንዲት ባሏ የሞተባት ሴት በወጣትነቷ ያጨበረበሯትን… ይቅርታ፣ ያፈቀሯትን ወንዶች አንድ በአንድ እየዞረች ትፈልጋለች። (ሳቅ) አንደኛው ማርሴይ ውስጥ በድብቅ ጽንስ የሚያቋርጥ፣ የሚጥል በሽታ ያለበት ሐኪም ሆኖ ታገኘዋለች። ካሜራው እዚያ ክፍል ሲደርስ ይንጋደዳል፤ ክፍሉ በሙሉ እንደምትሰምጥ መርከብ ዘንበል ይላል። አብራው የምትኖረው የተኮሳተረች ሴት ሲልቪ ናት። ጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው። ከፊልሙ ግን የማይረሳኝ ክፍል እሱ ነው።

በ1939 እዚያው ዱቪቪዬ ጋር «የቀኑ መጨረሻ»ን ሠራች። ይህ ስለ ጡረተኛ ተዋንያን መኖሪያ ቤት ነው። ሚሼል ሲሞን አለ፣ ሉዊ ዡቬ አለ፣ ቪክቶር ፍራንሴን አለ። ሲልቪ ከነዋሪዎቹ አንዷ ናት። እንግዲህ አስቡት፣ ሃምሳ ስድስት ዓመቷ ነው፣ ፊልሙ ደግሞ «ያንቺ ጊዜ አልፏል» በሚል ቤት ውስጥ አስቀመጣት። እውነተኛው ሕይወት ላይ ግን ታላላቅ ሥራዎቿ ገና አልመጡም።

አሁን 1943 ደረስን። እዚህ ጋ ቁጭ እንበል።

ፈረንሳይ በጀርመን እጅ ናት። በዚያው ዓመት ሲልቪ ሁለት ፊልም ሠራች፤ እንደ ሰማይና ምድር የተራራቁ። አንደኛው የሮበር ብሬሶን የመጀመሪያ ረጅም ፊልም «የኃጢአት መላእክት» ነው። ከእስር ቤት የወጡ ሴቶችን የሚቀበል የዶሚኒካን ገዳም ነው ቦታው። ንግግሩን የጻፈው ደራሲው ዣን ዢሮዱ ነው። ሲልቪ የገዳሙ እመምኔት ናት። ከሀብታም ቤት የመጣች አን-ማሪ የምትባል አዲስ መነኩሲት አንዲትን ወንጀለኛ «እኔ አድናታለሁ» ብላ ሙጭጭ ትላለች። ቅንዓቷ ገዳሙን ያምሳል። እመምኔቷ ልጅቷን ትወዳታለች፣ ግን ደግሞ ሥርዓት አለ። በመጨረሻ ታባርራታለች። ሲልቪ ይህን ውሳኔ የምትወስነው ፊቷ ላይ አንዲት ጡንቻ ሳይንቀሳቀስ ነው። ነጭ ልብስ፣ የታሰረ ፊት፣ ዓይን ብቻ። ብሬሶን በኋለኞቹ ፊልሞቹ ሙያተኛ ተዋናይ አልፈልግም ማለቱን ታውቃላችሁ። የሲልቪን አሠራር እያየሁ ሁልጊዜ አስባለሁ፣ እሱ በኋላ ከተራ ሰው ፊት ሲፈልገው የኖረውን ዝምታ እዚህ አንዲት የስልሳ ዓመት ተዋናይት በልምድ አምጥታለት ነበር። ይህ የኔ ግምት ነው፤ ብሬሶን ቢሰማ ላይስማማ ይችላል።

ሁለተኛው ፊልም የአንሪ-ዦርዥ ክሉዞ «ቁራው» ነው። አንዲት ትንሽ የገጠር ከተማ ውስጥ ስም የሌለው ደብዳቤ መሠራጨት ይጀምራል። ፊርማው «ቁራው» ይላል። የእገሌ ሚስት ከእገሌ ጋር ናት፣ ሐኪሙ ጽንስ ያስወርዳል፣ እንዲህ እያለ ከተማውን እርስ በርሱ ያባላዋል። መነሻው እውነተኛ ነገር ነው፤ ከ1917 እስከ 1922 ባለው ጊዜ ቱል የምትባለው ከተማ በእንዲህ ዓይነት ደብዳቤ ታምሳ ነበር።

ከደብዳቤዎቹ አንዱ ሆስፒታል ለተኛ ወጣት ይደርሰዋል። ካንሰር እንደያዘውና እንደማይድን ይነግረዋል። ልጁ በምላጭ ራሱን ያጠፋል። እናቱ ሲልቪ ናት።

ከዚያ በኋላ ይህች እናት በፊልሙ ውስጥ ጥቁር ለብሳ ትዘዋወራለች። ብዙ አትናገርም። የልጇን ምላጭ ይዛለች። ሰዎች ስለ ቁራው ማንነት ሲከራከሩ፣ ሲጠራጠሩ፣ ሲወነጃጀሉ እሷ ታልፋለች። አንድ ሰው ሲከራከር አንድ ሰው ሲያልፍ፤ ዓይናችሁ የሚከራከረውን ይከተላል። ክሉዞ የፈለገውም ይህንኑ ነው። ፊልሙ ሰማንያ ዓመት ስላለፈው መጨረሻውን ብነግራችሁ ይቅር ትሉኛላችሁ። ሐኪሙ ዤርማን ወደ ጥፋተኛው ክፍል ሲገባ ሰውየው ጠረጴዛው ላይ ተደፍቶ ያገኘዋል። የመጨረሻዋን ደብዳቤ እየጻፈ ነበር። ጉሮሮው ተቆርጧል። ዤርማን ወደ መስኮቱ ይሄዳል። መንገድ ላይ ልጆች ይጫወታሉ። ጥቁር የለበሰች ሴት ጀርባዋን ሰጥታ ቀስ እያለች ትሄዳለች።

ጀርባዋን ሰጥታ! አንቷንን አስታወሳችሁ? የፈረንሳይ ሲኒማ ከሚወዳቸው የመጨረሻ ምስሎች አንዱ ነው፤ የተዋናይቷ ፊት ግን ለተመልካች ዞሮ አይታይም። አትሮጥም። ወደ ኋላ አታይም። የሰፈር ሴት ከገበያ ስትመለስ የምትሄደውን አካሄድ ነው የምትሄደው። ለእኔ አስፈሪው እሱ ነው።

ፊልሙን የሠራው ኮንቲኔንታል የሚባል በጀርመኖች ገንዘብ የተቋቋመ ድርጅት ነበር። ስለዚህ ፈረንሳይ ነፃ ስትወጣ ፊልሙ ታገደ፣ ክሉዞም መጀመሪያ ለዘለዓለም፣ በኋላ ተቀንሶለት እስከ 1947 ከሥራ ተከለከለ። ጠላት ሀገር ፊት የፈረንሳይን ሕዝብ አዋርዷል ተባለ። ዛሬ ደግሞ በተቃራኒው ጠቋሚነት በነገሠበት ዘመን ጠቋሚዎችን የረገመ ፊልም ነው ይሉታል። ይህ ክርክር ራሱን የቻለ ምሽት ይፈልጋል፣ እንተወው።

ከጦርነቱ በኋላ ያለውን ቶሎ ቶሎ ልንካው፤ ሁለት ቦታ ላይ ግን እቆማለሁ።

አንዱ «ትንሹ የዶን ካሚሎ ዓለም» ነው፣ 1952። ፈርናንዴል ቄሱ፣ ጂኖ ቼርቪ ኮሚኒስቱ ከንቲባ ፔፖኔ። አንድ የጣሊያን መንደር ውስጥ ይጣላሉ፣ ይታረቃሉ፣ እንደገና ይጣላሉ። ፈረንሳይ ውስጥ ከ12 ሚሊዮን በላይ ሰው ቲኬት ቆርጦ አይቶታል። ሲልቪ ቄሱንም ከንቲባውንም በልጅነታቸው ያስተማረቻቸው አሮጊት መምህርት ናት። አንዴ ተማሪዬ፣ ሁልጊዜ ተማሪዬ፤ የሃምሳ ዓመት ጢማም ሰዎች ፊቷ ሲቀርቡ ይሽኮረመማሉ። ልትሞት ስትል አንድ ነገር ትጠይቃለች፣ ሬሳ ሳጥኔ ላይ የንጉሡን ባንዲራ አልብሱልኝ ትላለች። ጣሊያን በ1946 ንጉሡን አሰናብታለች። ጠያቂዋ የንጉሥ ወዳጅ፣ ተጠያቂው ኮሚኒስት። የሆነው ሆኖ መምህርቷ በባንዲራዋ ተሸፍና ትቀበራለች፣ የሚያጅቧትም ኮሚኒስቶቹ ናቸው። አስቂኝ ፊልም ነው፤ እዚህ ላይ ግን አዳራሹ ጸጥ ይላል። ልብ በሉ፣ ሲልቪ ተወዳጅ ለመሆን አንዲትም ጊዜ አትሞክርም። ቆጣ ያለች፣ ደረቅ ያለች አስተማሪ ናት። ሁላችንም የምናውቃት ዓይነት፣ ከሞተች በኋላ የምንወዳት ዓይነት።

ሁለተኛው በ1953 የመጣው የማርሴል ካርኔ «ቴሬዝ ራካን» ነው። ያዙልኝ ያልኳችሁ ይህ ነው፤ ከ«ዠርሚናል» አርባ ዓመት በኋላ እንደገና ዞላ። ካርኔ ታሪኩን ወደ ራሱ ዘመን፣ ወደ ሊዮን ከተማ አምጥቶታል። ሲሞን ሲኞሬ ቴሬዝ ናት። ገና ልጅ ሳለች አክስቷ አሳድጋት ለራሷ በሽተኛ ልጅ ድራታለች። ራፍ ቫሎኔ የጭነት መኪና ሾፌር የሆነው ውሽማዋ ነው። ባልየውን ከባቡር ወርውሮ ይገድለዋል። ሲልቪ የሟች እናት ናት፣ ማዳም ራካን።

መጀመሪያ ላይ የምታናድድ ሴት ናት። ልጇን እንደ ጨቅላ የምትንከባከብ፣ ምራቷን እንደ ገረድ የምታዝ። እንደዚህ ዓይነት አማት ሁሉም ቋንቋ ውስጥ ቀልድ አላት። ልጇ ከሞተ በኋላ ግን ትመታለች፤ ሰውነቷ ሽባ ይሆናል፣ አንደበቷም ይዘጋል። ከዚያ ወዲያ ሲልቪ የምትሠራው በዓይኗ ብቻ ነው። የገዳዩ ውሽማ ቴሬዝ አጠገቧ አለች፣ ምግብ ታጎርሳታለች፣ ትራስ ታስተካክልላታለች። አሮጊቷ ታያታለች። ማየት ብቻ። ሲኞሬ ትልቅ ተዋናይት ናት፣ ሁሉ ነገር አላት፤ ፊት አላት፣ ድምፅ አላት፣ ካሜራው ወዷታል። እነዚያ ትዕይንቶች ላይ ግን ክፍሉን የያዘችው ወንበር ላይ የተቀመጠችው ናት። ፊልሙ በዚያው ዓመት ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ የብር አንበሳ ሽልማት አገኘ።

ሌሎቹን ልቁጠርላችሁ፣ ሥራ አላነሰባትም ያልኩት እንዲገባችሁ። በ1954 ከከርክ ዳግላስ ጋር በጣሊያኖቹ «ኡሊሲስ» የሞግዚቷ የዩሪክሊያ ሚና ነበራት። በሆሜር ታሪክ ጌታዋን በጠባሳው የምትለየው አሮጊት ማለት ናት። በ1958 በአንድሬ ካያት ፊልም የቡርቪል እናት ሆነች፤ ሚሼል ሞርጋንን ቁም ስቅሏን የምታሳይ አማት። በ1962 በቫሌሪዮ ዙርሊኒ «የቤተሰብ ማስታወሻ» ማርቼሎ ማስትሮያኒን ያሳደገች አያት ሆና ታየች። ያ ፊልም የቬኒስን የወርቅ አንበሳ ከታርኮቭስኪ «የኢቫን ልጅነት» ጋር ተካፍሏል። ቬኒስ፣ ሮም፣ ፓሪስ። ሰባ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር።

አንድ ነገር አስተዋላችሁ? ይህን ሁሉ ስነግራችሁ «የእገሌ እናት፣ የእገሌ አያት፣ የእገሌ ሞግዚት» እያልኩ ነው። ሌላ አጠራር የለም። የገጸ ባሕሪዎቹን ስም ራሱ ብዙ ሰው አያስታውስም። ሴትየዋ ሁሌም በአያያዥ ቃል ነው የምትገባው፣ «የ» በሚለው።

እንግዲህ 1965። ሬኔ አሊዮ የሚባል የማርሴይ ተወላጅ አለ። ሠዓሊ ነው፣ የመድረክ ንድፍ አውጪ ነው፣ ከሮዤ ፕላንሾን ጋር ቴአትር የሠራ። አርባውን ተሻግሮ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ሊሠራ ተነሳ። የመረጠው የጀርመናዊውን ደራሲ የቤርቶልት ብሬሽትን አንድ አጭር ታሪክ ነው። ብሬሽት ታሪኩን የጻፈው በ1939 ነው፤ ጥቂት ገጽ ናት። አንዲት አያት በሰባ ሁለት ዓመቷ ባሏ ይሞትባታል። ልጆቿ ከእኛ ጋር ኑሪ ይሏታል፣ እምቢ ትላለች። ሲኒማ መግባት ትጀምራለች፣ ሆቴል መብላት ትጀምራለች፣ ከአንድ ጫማ ሰፊ ጋር ትወዳጃለች። ሁለት ዓመት እንዲህ ኖራ ትሞታለች።

የፊልሙ ስም በፈረንሳይኛ አንድ ቅጽል አለው፣ ለአሮጊት የማይገባ ነገር የምታደርግ አሮጊት እንደማለት ነው። ወደ አማርኛ ሳመጣው ብዙ ተቸገርኩ። «ክብረ ቢስ» አልኩ፣ በጣም ከበደ። «ያልተገባት» አልኩ፣ ምንም አልነገረኝም። በኋላ «ነውረኛዋ አሮጊት» ላይ ረጋሁ። ምክንያቱም ልጆቿ በሆዳቸው የሚሏት በትክክል እሱን ነው፣ ሰው ምን ይላል፣ ነውር አይደለም ወይ። አንድ ጎረቤት ሲሰማ ዝቅ ባለ ድምፅ የሚባለው ነገር።

አሊዮ ታሪኩን ከጀርመን ወደ ማርሴይ አመጣው። ሴትየዋ ማዳም በርት ይባላሉ። እስካሁን ሲልቪን «እሷ» ስል ቆይቼ እዚህ ጋ አንቱ ማለት ጀመርኩ አይደል? ማዳም በርትን አንቺ ለማለት አፌ እምቢ ስላለኝ ነው። ታገሡኝ፣ ተዋናይቷ እሷ፣ ገጸ ባሕሪዋ እሳቸው።

ባላቸው ሞቷል። ልጆቻቸው ከቀብር በኋላ ተሰብስበው እናታችን የት ትግባ፣ ዕቃው ምን ይሁን ይባባላሉ። ማዳም በርት በጸጥታ ያዳምጣሉ። ሲልቪ እዚህ ጋ የምታሳየው ፊት የማዳም ራካን ፊት ነው፤ ጥቁር ልብሱም የ«ቁራው» እናት ጥቁር ልብስ ነው። የፈረንሳይ ተመልካች ይህን ፊት ለሠላሳ ዓመት ያውቀዋል። ከዚህ ፊት ምን እንደሚመጣም ያውቃል፣ ወይ ቂም፣ ወይ ጸሎት፣ ወይ ምላጭ።

የሚመጣው ግን አይስክሬም ነው።

ማዳም በርት ትልቅ መደብር ይገባሉ። ዕቃ ሊገዙ አይደለም፣ ለማየት ነው። ካፌ ተቀምጠው አይስክሬም ያዛሉ። ሰፈሩ በክፉ ዓይን የሚያያት ሮዛሊ የምትባል ወጣት ሴት አለች፤ ከእሷ ጋር ይወዳጃሉ። አልፎንስ ከሚባል ጫማ ሠሪም ጋር እንዲሁ። በዚህ ዓለም ላይ ያላቸውን ዕቃ እየሸጡ፣ በገንዘቡ ትንሽ መኪና ይገዛሉ። መንዳት አይችሉም። ምን ቸገራቸው፣ ሮዛሊ አለች። ሦስቱ ተያይዘው ጉዞ ይሄዳሉ።

ልጆቹ ያብዳሉ። የእናታቸው ደስታ ስለሚያናድዳቸው ብቻ አይመስለኝም። ውርሱም አለ። አሊዮ ይህን አይደብቅም፤ ፊልሙ ስለ ገንዘብ በጣም ግልጽ ነው። እያንዳንዱ ልጅ የራሱ ዕዳ፣ የራሱ ሱቅ፣ የራሱ ጭንቀት አለው። ክፉዎች አይደሉም። የልጅ ልጃቸው ፒየር ብቻ ነው ሴት አያቱን በሌላ ዓይን የሚያየው። እሱን የሠራው ቪክቶር ላኑ ነው፣ ገና ወጣት ሳለ።

እዚህ ፊልም ውስጥ ሲልቪ «ነፃ ወጣሁ» ብላ አትጨፍርም። ሌላ ተዋናይት ብትሆን፣ ሌላ ዳይሬክተር ቢሆን፣ አሮጊቷን ያስጨፍሯት ነበር፤ እንዲህ ያለ ፊልም በየዓመቱ ይሠራል፣ ባርኔጣ አድርጋ ሞተር ሳይክል ላይ የምትወጣ አሮጊት። ማዳም በርት ግን መደብሩን የሚያዩት ባንክ የሚመረምር ሰው ይመስል በቁም ነገር ነው። አይስክሬሙን የሚበሉት እንደ ሥራ ነው፣ ማንኪያ በማንኪያ። ስልሳ ዓመት ሌሎችን ሲያበላ የኖረ እጅ ራሱን ማብላት ሲጀምር ምን እንደሚመስል ያሳየችን በዚህ ነው። አሁን ገባችሁ፣ እነዚያ ሁሉ እናቶች ባይኖሩ ይህ እጅ ከየት ይመጣ ነበር? ሌላ ሰው ቢሠራው አንዲት አሮጊት አይስክሬም በላች። ሲልቪ ስትሠራው ማዳም ራካን ከሽባነታቸው ተነሥተው ወደ ካፌ ገቡ።

ዣን ፌራ ለፊልሙ የሠራው ዘፈን አለ፤ ጊዜው ሲያልፍ አይታይም ይላል። ፈረንሳይ ውስጥ ፊልሙን ያላየ ሁሉ ዘፈኑን ያውቃል። እንደዚህ ነው እንግዲህ፤ ዘፋኞች ሁልጊዜ ይቀድሟታል።

ማዳም በርት ይሞታሉ። ይህን የነገርኳችሁ ታሪኩን ላበላሽባችሁ አይደለም፤ ብሬሽትም ገና ከመጀመሪያው አይደብቀውም። ፊልሙ የሚያሳስበው ስንት ጊዜ ኖሩ የሚለው ሳይሆን፣ ያቺ ሁለተኛዋ አጭር ዕድሜ የማን ነበረች የሚለው ነው።

ፊልሙ አሜሪካ ሲደርስ አንድ ነገር ሆነ። በ1966 ኒው ዮርክ ላይ ብሔራዊ የፊልም ሃያሲያን ማኅበር የሚባል ተቋቁሞ ነበር። የመጀመሪያውን የዓመቱን ምርጥ ተዋናይት ሽልማት የሰጠው ለሲልቪ ነው። በዚያው ዓመት የምርጥ ተዋናይ ሽልማቱን የወሰደው ማይክል ኬን ነበር። እሱ ገና ሠላሳ ሦስት ዓመቱ፣ እሷ ሰማንያ ሦስት።

ለሲልቪ ግን 1965 የዘውድ ዓመት ብቻ አልነበረም፣ እንደ ሌላው ዓመት የሥራ ዓመትም ነበር። በዚያው ዓመት የፈረንሳይ ቴሌቪዥን «ቤልፌጎር» የሚባል ተከታታይ ድራማ አስተላለፈ። ሉቭር ሙዚየም ውስጥ በሌሊት ስለሚዞር መንፈስ ነው። ዡልየት ግሬኮ ትሠራበታለች። ሰው ሁሉ ቴሌቪዥን ባለበት ቤት ተሰብስቦ ያየው ነበር። ሲልቪም አለች፤ ሌዲ ሆድዊን የምትባል ግራ የምታጋባ አሮጊት። መሪ ሚና ሠርታ ስታበቃ «ከእንግዲህ ትንሽ ሚና አልነካም» አላለችም። ለዚህ ነው ያ «በመጨረሻ አገኘችው» የሚለው ታሪክ የማይዋጥልኝ።

በጥር 5 ቀን 1970 ኮምፒዬኝ ውስጥ አረፈች። ሰማንያ ሰባተኛ ዓመቷን ከያዘች ሁለተኛ ቀኗ ነበር።

ጥያቄ ካላችሁ ከፊልሙ በኋላ እንነጋገራለን። ሙሉውን ለማየት ሰዓት አይበቃንም፤ ከመደብሩ ትዕይንት ነው የምጀምርላችሁ። የትርጉም ጽሑፉ አንዳንድ ቦታ ይቀድማል፣ አንዳንድ ቦታ ይዘገያል፤ ብዙ አትጨነቁበት። እጇን ተመልከቱ። መብራቱን በሩ ጋ ያለው ሰው ያጥፋልን፤ አይ፣ እሱ የአየር ማቀዝቀዣው ነው፣ ከጎኑ ያለው።